ከንፈሩ ኮሪያኛ፣ ድምፁ አማርኛ

አንድ የኮሪያ ፊልም በሱዳን ገዳሪፍ ግዛት ወደምትገኘው ቁረይሻ ሲደርስ በአንድ ቋንቋ ብቻ አይደርስም። ከናይልሳት በሚወርድ የዓረብ ጣቢያ ላይ ዓረብኛ ይናገራል። ከመተማ ዮሐንስ ወደ ጋላባት በተሻገረ ፍላሽ ላይ አንድ ሰው በአማርኛ ይተርከዋል። ሜሞሪ ካርዱን ስልክ ቤት ወስዶ ያስጫነ ሰው ደግሞ ህንድኛ ወይም እንግሊዝኛ ሲናገር ሊያገኘው ይችላል። ፊቱ ግን በሁሉም ላይ ያው ነው፤ ከንፈሩም የሚንቀሳቀሰው በኮሪያኛ ነው። ለሰሊጥ አጨዳ ድንበር ተሻግሮ የመጣ ወጣትም ሆነ እዚያው ገዳሪፍ ተወልዶ ዓረብኛና አማርኛ አቀላጥፎ የሚናገር ሰው ከእነዚህ አንዱን መርጦ ያያል፤ እውነቱን ለመናገር ግን ብዙ ጊዜ የሚያየው የተገኘውን ነው።

እርስዎ ለዚህ ነገር አዲስ ከሆኑ፣ ድምፁ የተተካ ፊልም ሲያዩ ጆሮዎ ላይ የሚደርሰው ነገር እንዴት እንደተሠራ ደረጃ በደረጃ ላስረዳዎ። አካሄዱን ካወቁ በኋላ ጥሩውን ሥራ ከመናኛው ለመለየት ባለሙያ መሆን አያስፈልግዎትም። አንድ ነገር ግን አስቀድሜ ልንገርዎ፤ ተመልካች ሁሉ የሚያማርርበት የከንፈርና የድምፅ አለመገጣጠም ከጉዳቶቹ ሁሉ ቀላሉ ነው። ትልቁ ጉዳት የሚደርሰው ሌላ ቦታ ነው፤ እሱም ለአማርኛ ተመልካች ከማንም በላይ ቅርብ የሆነ ቦታ ነው።

መጀመሪያ ዓይነቶቹን እንለይ። ቋንቋውን ለማያውቅ ሰው ፊልም የሚደርስባቸው መንገዶች ሦስት ናቸው። የመጀመሪያው የግርጌ ጽሑፍ፣ በተለምዶ ሰብታይትል የምንለው ነው፤ ድምፁ እንዳለ ይቀርና ትርጉሙ ከሥር ይጻፋል። ሁለተኛው ትረካ ነው፤ የተዋናዮቹ ድምፅ ዝቅ ይደረግና አንድ ሰው ከላይ ሆኖ የሁሉንም ንግግር ይተረጉማል። ሦስተኛው ዱቢንግ ነው፤ የተዋናዩ ድምፅ ሙሉ በሙሉ ተነሥቶ በቦታው ሌላ ሰው በሌላ ቋንቋ ይተውናል። ይህ ሌላ ሰው የድምፅ ተዋናይ ይባላል። ገዳሪፍ ገበያ ላይ ፊልም ሲገዙ እንዳይሳሳቱ፦ በዓረብኛ «ሙደብለጅ» ከተባሉ ድምፁ የተተካ ነው፤ «ሙተርጀም» ከተባሉ ግን የግርጌ ጽሑፍ ያለው ነው። እኛ «ትርጉም ፊልም» ስንል ተራኪ ያለውን ማለታችን ስለሆነ፣ «ሙተርጀም» ሲሉት በድምፅ የተተረጎመ መስሎት ገዝቶ ቤቱ ሲገባ የዓረብኛ ጽሑፍ የሚጠብቀው አማርኛ ተናጋሪ አይጠፋም።

ትረካውን ሰዎች ሲንቁት እሰማለሁ፤ እኔ ግን አልንቀውም። በኢትዮጵያ ቪዲዮ ቤቶች ያደገ ሰው ብዙውን የሕንድና የቻይና ፊልም የሚያስታውሰው በተራኪው ድምፅ ነው። ነገሩ የእኛ ብቻም አይደለም። ኡጋንዳ ውስጥ እንዲህ ያለው ተራኪ «ቪጄ» ይባላል፤ ቪጄ ጂንጎ የሚባለው በሉጋንዳ ቋንቋ እያሳቀና እየተነተነ ሲተርክ ታዋቂ ለመሆን በቅቷል። በታንዛኒያም ሉፉፉ በሚል ስም የታወቀው ተራኪ በስዋሂሊ ይህንኑ ሲሠራ ኖሯል። ፖላንዶች ደግሞ እስከ ዛሬ በቴሌቪዥናቸው የውጭ ፊልም የሚያዩት «ሌክተር» በሚሉት አንድ ሰው ንባብ ነው፤ የእነሱ ሌክተር አይስቅም፣ አያለቅስም፣ የሴቱንም የወንዱንም ንግግር በአንድ ደረቅ ድምፅ ያነባል። የትረካው ብልሃት መዘግየቱ ላይ ነው። ተራኪው የሚገባው ተዋናዩ መናገር ከጀመረ ከአፍታ በኋላ ስለሆነ የኮሪያውን ድምፅ መነሻ ይሰማሉ፤ ቁጣው ወይም ልመናው ከዚያ ይገባዎታል፣ ፍቺውን ደግሞ ከተራኪው ይወስዳሉ። ስሜቱና ፍቺው ከሁለት አፍ ይመጣሉ ማለት ነው።

ዱቢንግ ግን ሁለቱንም ከአንድ አፍ ማውጣት አለበት፤ ለዚያ ደግሞ የኮሪያው ድምፅ መጥፋት አለበት። ጥያቄው እዚህ ይመጣል። ተዋናዩ የተናገረው ዝናብ ውስጥ ቆሞ ከሆነ፣ ድምፁን ስናጠፋ ዝናቡስ አብሮ አይጠፋም? ፊልም ሠሪዎች ይህን አስቀድመው ያውቁታል። ተሠርቶ የምንሰማው የፊልም ድምፅ አንድ ይምሰል እንጂ በስቱዲዮ ውስጥ በሦስት ተከፍሎ ነው የሚቀመጠው፤ ንግግሩ ለብቻ፣ ሙዚቃው ለብቻ፣ የእግር ኮቴው፣ የበሩ መዘጋትና የዝናቡ ድምፅ ለብቻ። ፊልሙ ወደ ውጭ ሲሸጥ ንግግሩ ተነጥሎ ይቀርና ሙዚቃውና ድባቡ አንድ ላይ ተጠቃለው ለገዢው ይላካሉ። ባለሙያዎቹ ይህን የሙዚቃና የድባብ ትራክ ይሉታል። ከቀረጻው ጊዜ ንግግር ጋር ተጣብቆ ሊነጠል ያልቻለ ኮቴ ወይም የሳህን ድምፅ ካለ ደግሞ በስቱዲዮ ውስጥ እንደ አዲስ ይሠራል፤ አንድ ሰው ፊልሙን እያየ ጫማ አድርጎ ይራመዳል፣ ሳህን ያንኳኳል።

ይህን ካወቁ አሁን በጆሮዎ መመርመር ይችላሉ። ያለ ፈቃድ የተሠራ ዱቢንግ የሙዚቃና የድባብ ትራክ የለውም፤ ማንም አልላከለትምና። ስለዚህ ሠሪው ሰው በተናገረ ቁጥር የፊልሙን ድምፅ ባጠቃላይ ለመቁረጥ ይገደዳል። ውጤቱ ይታወቃል፦ ዝናቡ ይዘንባል፣ ሴትዮዋ አፏን ስትከፍት ዝናቡ ይቆማል፣ ንግግሯን ስትጨርስ እንደገና ይዘንባል። ሙዚቃውም መሃል ላይ ይበጠሳል። ኢርፎን አድርገው ለአምስት ደቂቃ ካዳመጡ ዱቢንጉ በፈቃድ ይሠራ ያለ ፈቃድ ብዙ ጊዜ በዚህ ይለዩታል።

ትራኩ ደርሷል እንበል፤ ሥራው እንዴት ይቀጥላል? ተርጓሚው ንግግሩን በጽሑፍ ይተረጉመዋል። ይህ ትርጉም ግን ገና ለአፍ አልተበጀም፤ ትክክል ሆኖ ሊረዝም ይችላል። ስለዚህ ቀጥሎ አስተካካይ የምንለው ሰው ይመጣል። ተዋናዩ በሁለት ሰከንድ የተናገረው በአማርኛ ሦስት ሰከንድ ከፈጀ ይቆርጠዋል፣ ካጠረ ያረዝመዋል፣ አፍ ሲዘጋ ቃሉ እንዲያልቅ ያደርጋል። ከዚያ የድምፅ ተዋንያን ይመረጣሉ፤ ዕድሜና ጾታ ብቻ ሳይሆን የደረት ስፋትም ይታያል፤ ግዙፍ ሰው በቀጭን ድምፅ ሲናገር ማንም አያምነውምና። ቀረጻው የሚካሄደው ፊልሙን በትናንሽ ቁራጮች በመከፋፈል ነው። የድምፅ ተዋናዩ ሄድፎን አድርጎ የኮሪያውን ድምፅ በጆሮው እየሰማ፣ ፊቱን በስክሪን እያየ፣ የአማርኛውን ጽሑፍ እያነበበ ያንኑ ቁራጭ እስኪሳካ ይደጋግመዋል።

አዲስ ሰው የማይገምተው ነገር እዚህ አለ። ፍቅረኞቹ ፊት ለፊት ቆመው ሲጣሉ የምንሰማቸው ሁለቱ የአማርኛ ድምፆች አብረው ላይቀረጹ ይችላሉ። ብዙ ጊዜ እያንዳንዱ ተዋናይ ብቻውን ገብቶ የራሱን ክፍል ቀርጾ ይወጣል። ስለዚህ ጥል ሲሆን አንደኛው ድምፅ ጮኾ ሌላው ቀዝቀዝ ካለ፣ የተዋናዮቹ ችሎታ ማነስ ላይሆን ይችላል፤ ሁለተኛው ሲቀረጽ የመጀመሪያው ምን ያህል እንደጮኸ ሰምቶ ይሆን? ይህን የሚያስታርቀው የቀረጻው ዳይሬክተር ነው። በተጨማሪም የድምፅ ተዋናዩ የሚሰጠው ንግግር ብቻ አይደለም። ትንፋሽ፣ ሳል፣ ሲቃ፣ ምግብ ማላመጥ፣ በቡጢ ሲመታ የሚያወጣው «እህ!» ሁሉ የንግግሩ ክፍል ውስጥ ስለሆነ አብሮ ጠፍቷል፤ ሁሉንም እንደገና መተንፈስ፣ መሳልና ማላመጥ አለበት። መናኛ ዱቢንግ የሚጋለጠው እዚህ ነው፤ ሰው እየሮጠ መጥቶ ያለ ማለክለክ ይናገራል።

አሁን ወደ ከንፈር እንምጣ። ከንፈር ሁሉን ነገር አያሳይም። ከ፣ ገ፣ ቀ፣ ጠ ሲባሉ ሥራው የሚሠራው በጉሮሮና በምላስ ስለሆነ ከውጭ ብዙም አይታይም። የሚታዩት ከንፈር የሚገጥምባቸው መ፣ በ፣ ፐ፣ ጰ ናቸው፤ ከንፈር የሚሞጠሞጥባቸው ወ፣ ኡ፣ ኦ አሉ፤ አፍ በሰፊው የሚከፈትበት ኣ አለ። ስለዚህ አስተካካዩ እያንዳንዱን ቃል ሊያገጣጥም አይደክምም። ካሜራው ፊት ላይ ሲጠጋ ብቻ፣ ተዋናዩ ከንፈሩን የገጠመበትን ቦታ ይፈልግና እዚያ ላይ መ ወይም በ ያለበት አማርኛ ለማስቀመጥ ይሞክራል። ካሜራው ሲርቅ ወይም ተናጋሪው ጀርባውን ሲሰጥ የፈለገውን ያህል ነፃ ነው፤ ብዙ አስተካካዮች ረጅሙን ማብራሪያ የሚያሳልፉት ጀርባ በሚታይበት ጊዜ ነው። ኮሪያኛ የፈ ድምፅ የለውም። የላይኛው ጥርስ ታችኛውን ከንፈር ሲነካ በኮሪያዊ አፍ ላይ ስለማያዩ፣ በቅርብ ቀረጻ ላይ «ፍቅሬ» ወይም «አፈቅርሃለሁ» የሚለው ቃል ሁልጊዜ ትንሽ ያፈነግጣል። በፍቅር ድራማ ላይ ይህ ቀላል ዕዳ አይደለም።

ዕድል የሚረዳበትም ጊዜ አለ። ኮሪያዊ ልጅ እናቱን «ኦማ» ብሎ ይጠራል፤ አባቱን «አፓ»። «እማ» እና «አባ» የሚሉት የአማርኛ ቃላት ከንፈር የሚገጥሙት በዚያው ቦታ ነው። ሕፃን ልጅ ከስክሪኑ ሙሉ ፊቱን ሰጥቶ እናቱን ሲጠራ የአማርኛው አስተካካይ ምንም አይሠራም፤ እንዲሁ ይገጥምለታል።

ከዚህ የበለጠው ዕድል ግን ያለው በዓረፍተ ነገሩ አሠራር ነው። ኮሪያኛና አማርኛ ዝምድና የላቸውም፤ ሆኖም ሁለቱም ግሡን መጨረሻ ላይ ያስቀምጣሉ። «እኔ ትናንት እናትህን ገበያ ላይ አየኋት» የሚለውን ኮሪያዊ ሲናገረው ቃላቱ የሚሰለፉት በዚሁ ቅደም ተከተል ነው፤ «አየኋት» የሚመጣው መጨረሻ ላይ ነው። እንግሊዝኛ ማየቱን ቶሎ ይነግርና እናቲቱን፣ ገበያውንና ትናንትን በኋላ ያመጣል። ዓረብኛም ግሡን ወደ ፊት ያመጣዋል። ይህ ለትወና ትርጉም አለው። ኮሪያዊው ተዋናይ ዋናውን ነገር የሚናገረው በዓረፍተ ነገሩ መጨረሻ ላይ ስለሆነ ፊቱ የሚለወጠውም፣ እንባው የሚመጣውም፣ ካሜራው ወደ አዳማጩ የሚዞረውም እዚያ ላይ ነው። በአማርኛ ሲተካ ግሡ እዚያው ቦታው ላይ ይወድቃል፤ ፊትና ቃል አብረው ይደርሳሉ። ስለዚህ ያንኑ ፊልም ገዳሪፍ ላይ በዓረብኛም በአማርኛም የማየት ዕድል ካገኙ አማርኛው ከትወናው ጋር የሚሄድ ሆኖ ቢሰማዎት አድልዎ ብቻ አይደለም፤ የሰዋስው ምክንያት አለው።

በአንጻሩ አማርኛ የሚሸነፍበት ቦታ አለ። የኮሪያኛ ግሥ ማን እንዳደረገው አይናገርም። «ገደለ» የሚለው ግሥ እኔ ልሁን፣ እሱ ይሁን፣ እሷ ትሁን ወይም እነሱ ይሁኑ ሳይለይ ሊነገር ይችላል። አማርኛ ግን ገደልኩት፣ ገደለው፣ ገደለችው፣ ገደሉት ብሎ መምረጥ ግዴታው ነው። የነፍሰ ገዳይ ምርመራ ፊልም ላይ ይህ መከራ ነው። ኮሪያዊው ምስክር ወንድ ወይም ሴት ሳይል የሸፋፈነውን ነገር የአማርኛው ድምፅ በአንድ ፊደል ሊያጋልጠው ይችላል። ጎበዝ ተርጓሚ እንዲህ ሲገጥመው ግሡን ወደ «ተገደለ» ይለውጠዋል ወይም ዓረፍተ ነገሩን ሳያልቅ ይቆርጠዋል። ያልጎበዘው መጨረሻውን በመጀመሪያው ሰዓት ይነግርዎታል።

አሁን ትልቁ ጉዳት ይደርስበታል ወዳልኩዎ ቦታ ደርሰናል፤ አክብሮት ነው። ኮሪያዊ ሲናገር ዓረፍተ ነገሩን የሚዘጋበት መንገድ ለታላቅና ለእንግዳ አንድ ዓይነት ነው፤ ለእኩያና ለታናሽ ሌላ ዓይነት። የአክብሮቱን «ጆንዴንማል»፣ የቅርበቱን «ባንማል» ይሉታል። አንድ ዓመት የሚበልጥ ሰው እንኳ በስሙ ብቻ አይጠራም። ወንድ ታላቅ ወንድሙን ወይም ታላቁ የሆነ ወዳጁን «ህዮንግ» ይላል፤ ሴት ደግሞ «ኦፓ» ትላለች። ይህን ለጎንደር ወይም ለመተማ ሰው ማስረዳት አያስፈልግም፤ «አንቱ» እያለ ያደገ፣ ታላቁን «ወንድም ጋሼ» ብሎ የሚጠራ ሰው ነገሩን ከቤቱ ያውቀዋል። እኔ ራሴ ይህን ስጽፍልዎ ከሁለተኛው አንቀጽ ጀምሮ «እርስዎ» ያልኩት ለአክብሮት ብቻ አይደለም፤ ወንድ ይሁኑ ሴት ስለማላውቅ አማርኛ ሌላ መውጫ አልሰጠኝም። ተርጓሚም በየመስመሩ ይህን ግድግዳ ይጋፈጣል።

ታዲያ ሁለቱ ቋንቋዎች ይህን ያህል ከተቀራረቡ ጉዳቱ ከየት ይመጣል? ከመሃል ነው። ከኮሪያኛ በቀጥታ ወደ አማርኛ የሚተረጉም ሰው ብርቅ ስለሆነ፣ ተርጓሚው እጅ ላይ ብዙ ጊዜ የሚደርሰው የንግግሩ እንግሊዝኛ ነው። ይህ በዓለም ሁሉ የተለመደ አሠራር ነው፤ እንግሊዝኛው ድልድይ ቋንቋ ይሆናል። ድልድዩ ላይ ግን አንተ፣ አንቺ፣ አንቱና እናንተ ሁሉም «ዩ» በሚባል አንድ ቃል ይጠቀለላሉ። ኮሪያኛው አክብሮቱን ይዞ ይነሣል፣ እንግሊዝኛው ያራግፈዋል፣ አማርኛው ደግሞ የተራገፈውን በግምት መልሶ ይጭነዋል። ተርጓሚው ስክሪኑን አይቶ ዕድሜ ይገምታል፣ ልብስ ያያል፣ ማን ለማን አጎንብሶ ሰላምታ እንደሰጠ ይመለከታል። ጥሩ ተርጓሚ በዚህ መንገድ ብዙ ያተርፋል። ከጽሑፉ ብቻ የሚተረጉም ግን አማትን «አንቺ» ያሰኛል።

ምን እንደሚጠፋ በአንድ ምሳሌ ላሳይዎ። በመስከረም 2014 ዓ.ም. ኔትፍሊክስ የኮሪያውን ድራማ «ስኩዊድ ጌም»ን አወጣ፤ በ31 ቋንቋዎች የግርጌ ጽሑፍ፣ በ13 ቋንቋዎች ዱቢንግ ነበረው። ድራማው ውስጥ ዓሊ የሚባል ፓኪስታናዊ የቀን ሠራተኛ አለ፤ አሠሪው ደመወዙን የከለከለው ሰው ነው። ዓሊ የተማረውን ኮሪያዊ ሳንግዉን «ሳጃንግኒም» እያለ ይጠራዋል። ሠራተኛ የድርጅት ባለቤትን የሚጠራበት ቃል ነው፤ በእኛ «ጌታዬ» ብለን ልንቀበለው እንችላለን። አንድ ቀን ሳንግዉ እንዲህ አትበለኝ፣ «ህዮንግ» በለኝ ይለዋል። ስደተኛው ሠራተኛ ከአገልጋይነት ወደ ታናሽ ወንድምነት ከፍ አለ ማለት ነው። ቀጥሎ በሚመጣው፣ የተሸነፈ በሚሞትበት የብይ ጨዋታ ላይ ያ «ህዮንግ» ዓሊን አታልሎ ለሞት አሳልፎ ይሰጠዋል። የክህደቱ ክብደት በሙሉ ያለው ያቺ መጠሪያ ላይ ነው። መጠሪያው ጠፍቶ በሰው ስም ከተተካ፣ አንድ ተጫዋች ሌላውን ሸወደ ከማለት አያልፍም። አማርኛ ግን «ጌታዬ» ከሚለው ወደ «ወንድም ጋሼ» መሻገር ይችላል፤ ምንም አይጎድልበትም። ድንበር ተሻግሮ በሰው እርሻ ላይ ሰሊጥ ላጨደ ወጣት ይህን ትዕይንት ማን ያብራራለታል? የሚጠበቀው ድልድዩ ላይ የወደቀውን ቃል ማንሣት ብቻ ነው።

የባህል ነገሮች ትርጉምም ይኸው ችግር አለበት፤ ሆኖም ከአክብሮቱ ያነሰ ነው ብዬ አምናለሁ። «ፓራሳይት» የተባለው የቦንግ ጁንሆ ፊልም እ.ኤ.አ. በ2020 በኦስካር የምርጥ ፊልም ሽልማትን ሲወስድ በእንግሊዝኛ ያልተሠራ የመጀመሪያው አሸናፊ ነበር። የእንግሊዝኛውን የግርጌ ጽሑፍ ያዘጋጀው ዳርሲ ፓኬት በፊልሙ ውስጥ ያለውን ሁለት ዓይነት ኑድል የተቀላቀለበት ፈጣን ምግብ አዲስ ስም ፈጥሮ «ራምዶን» አለው፤ የሶል ብሔራዊ ዩኒቨርሲቲንም «ኦክስፎርድ» አደረገው፣ የውጭው ተመልካች ቶሎ እንዲገባው። ከዚህ እንግሊዝኛ ተነሥቶ ወደ አማርኛ የሚተረጉም ሰው «ኦክስፎርድ» ብሎ ቢጽፍ፣ ኮሪያዊ አባት ልጁ በሠራችው የሐሰት ሰነድ ተደንቆ ስለ እንግሊዝ ዩኒቨርሲቲ ሲያወራ ልንሰማ ነው። «የሶል ዩኒቨርሲቲ» ቢል ምን ይጎድለው ነበር?

ወደ አገራችን ስንመጣ ዱቢንግ በስፋት የገባው በ2008 ዓ.ም. ሥርጭቱን ከጀመረው ቃና ቴሌቪዥን ጋር ነው። ከመሥራቾቹ አንዱ «ድፍረት» የተባለውን ፊልም ያዘጋጀው ዘረሰናይ ብርሃነ ነው። ጣቢያው ከቱርክ፣ ከኮሪያና ከላቲን አሜሪካ ያመጣቸውን ድራማዎች በአማርኛ ድምፅ ማሰማት ሲጀምር የአገር ውስጥ የፊልምና የቴአትር ሰዎች ተቃወሙ፤ እንጀራችንም ባህላችንም ተነካ አሉ። ክርክሩ ውስጥ አልገባም፤ አንድ ያልተነገረለትን ነገር ግን ልጥቀስ። ያ ሥራ ፊታቸው የማይታይ ብዙ አማርኛ ተናጋሪ ተዋንያንን አሠልጥኗል። ተመልካቹም ድምፃቸውን ለመደ፤ አንዱን ድራማ ላይ ጨካኝ ባል የነበረውን ድምፅ ሌላው ላይ የዋህ ሐኪም ሆኖ ሲሰማው ይለየዋል።

ዓረቦቹ በዚህ መንገድ የቀደሙን ሲሆን፣ እነሱን የፈተናቸው ሌላ ጥያቄ ነው፤ በየትኛው ዓረብኛ? በ1990ዎቹ መጀመሪያ (እ.ኤ.አ.) የሜክሲኮ ድራማዎች ሊባኖስ ውስጥ የተተኩት በመጽሐፍ ዓረብኛ ነበር። እ.ኤ.አ. በ2008 የዓረቡ ጣቢያ ኤምቢሲ የቱርኩን ድራማ «ኑር» ሲያቀርብ ግን በሶርያ የቤት ውስጥ ዓረብኛ አደረገው፤ ውጤቱም እሳት ሆነ። ገዳሪፍ ያለ ሱዳናዊ ታዲያ ሁለቱንም የሚሰማው የራሱ ያልሆነ አነጋገር አድርጎ ነው፤ የእኛም አማርኛ ዱቢንግ የአዲስ አበባ አማርኛ ስለሆነ የመተማው ሰው ተመሳሳይ ነገር ይሰማዋል። አንድ ማሳሰቢያ፦ በኮሪያ ድራማ መጨረሻ ላይ «ኤምቢሲ» የሚል ምልክት ካዩ የዓረቡ ጣቢያ አይምሰልዎት። ኮሪያም በዚያው ስም የሚጠራ ፈጽሞ የተለየ ጣቢያ አላት።

ድንበሩ ላይ ደግሞ ሰማዩም ለሁለት ተከፍሏል። ናይልሳት በ7 ዲግሪ ምዕራብ ስለሚገኝ ከቁረይሻ ዲሹ ወደ ምዕራብ ይዞራል። የኢትዮጵያ ጣቢያዎች የተሰባሰቡበት ኢትዮሳት ግን በ57 ዲግሪ ምሥራቅ ነው። ቀድሞ አንድ ዲሽ ላይ ዓረብኛውንም አማርኛውንም ያገኝ የነበረ ቤት አሁን ሁለት ዲሽ ሊተክል ወይም አንዱን ሊመርጥ ነው።

«ለምን የግርጌ ጽሑፍ አያነቡም?» የሚል ሰው ይኖራል። ቦንግ ጁንሆ ራሱ ሽልማት በተቀበለበት መድረክ ተመልካቹ ያችን አጭር የጽሑፍ መስመር እንዲሻገር መክሯል። ጃፓኖችም የኮሪያውን ድራማ «ዊንተር ሶናታ»ን በኤንኤችኬ እ.ኤ.አ. በ2003 በጃፓንኛ ድምፅ ካዩ በኋላ የተዋናዩን የቤ ዮንግጁንን እውነተኛ ድምፅ እንስማ ብለው ጠየቁ፤ ጣቢያው በ2004 መጨረሻ በኮሪያኛው ከግርጌ ጽሑፍ ጋር አሳየው። ምክሩ ጥሩ ነው፤ የሚሠራው ግን ጽሑፉን ለሚያነብ ሰው ነው። ዓረብኛን በአፉ የሚያቀላጥፍ፣ ፊደሉን ግን ያልቆጠረ አማርኛ ተናጋሪ በድንበሩ አካባቢ ሞልቷል። ቡና እያፈላች፣ ልጅ እያጠባች የምታይ ሴትም ዓይኗን ስክሪን ላይ ተክላ መዋል አትችልም። ዱቢንግ ለእነሱ ስንፍና አይደለም፤ ፊልሙን የሚያዩበት ብቸኛ መንገድ ነው።

ራስዎ መሞከር ከፈለጉ ስልክዎ ላይ ቪኤልሲ ወይም ኤምኤክስ ፕሌየር ይክፈቱ። በፍላሽ የሚዞሩ ብዙ የኮሪያ ፊልሞች አንድ ፋይል ውስጥ ሁለት ድምፅ አላቸው፤ የድምፅ ምርጫውን ነክተው ከእንግሊዝኛው ወይም ከህንድኛው ወደ ኮሪያኛው መቀየር ይችላሉ። አንድ የምግብ ጠረጴዛ ትዕይንት ይምረጡ፤ ሽማግሌ፣ እናት፣ ታላቅና ታናሽ ያሉበት። በተተካው ድምፅ አንዴ ይዩት። ከዚያ በኮሪያኛው ይድገሙትና የዓረፍተ ነገር መጨረሻዎችን ብቻ ያዳምጡ። «ዮ» ብሎ የሚያልቀውን ንግግር ለማን እንደሚያደርጉትና ለማን እንደሚያስቀሩት ይመልከቱ፤ «ዮ» የአክብሮት መዝጊያ ነው። ቋንቋውን ሳያውቁ የቤቱን ሥርዓት በሙሉ ያነቡታል፤ የተተካው ድምፅ የቱን እንደጠበቀና የቱን እንዳፈሰሰም ይገለጥልዎታል።

ለአማርኛ ዱቢንግ የሚስማማው የትኛው ነው ብለው ቢጠይቁኝ ግን የፍቅር ድራማውን ትቼ የቤተ መንግሥቱን እመርጣለሁ፤ «ዴ ጃንግ ገም» ዓይነቱን፣ እ.ኤ.አ. በ2003 ተጀምሮ በ54 ክፍል ያለቀውን፣ በፋርስኛ ተተክቶ ኢራንን ከቤቷ ያላስወጣውን። እዚያ ውስጥ ሹም፣ እልፍኝ፣ ደጅ ጥናት፣ እጅ መንሣት ሁሉ አለ፤ ለሁሉም አማርኛ ቃሉን ከራሱ ቤተ መንግሥት ያመጣል፣ ምንም መፍጠር አያስፈልገውም። ባለሟሎቹ ንጉሡን የሚጠሩበት ቃል «ጆንሃ» ነው። አስተካካዩ በቦታው «ጃንሆይ» ቢያስገባ ጀው፣ ኑና ሀው ሁሉም ቦታ ቦታቸው ላይ ይወድቃሉ። ንግሥቲቱን «ማማ» ሲሏት ግን «እቴጌ» አይሆንም፤ አንድም ቦታ ከንፈር አይገጥምበትም። እዚያ ላይ «እመቤቴ» ይሻላል፤ መውና ቤው ሁለቱን የከንፈር መዘጋት ይሸፍኑለታል።